ሲሞን ሲኞሬ፦ ዕድሜዋን ያልደበቀችው ተዋናይት



ባለፈው የቁጠባ ስብሰባችን ላይ ስለ ልብስ ስፌት ሥልጠናው ስንነጋገር፣ አንዲት እኅታችን ለመመዝገብ እጇን አውጥታ ወዲያው መልሳ አወረደችው። አርባ ሁለት ዓመቷ ነው። ቦታው ለወጣቶቹ ቢሰጥ እንደሚሻልና የእሷ ጊዜ እንዳለፈ ተናግራ ተቀመጠች። ማንም አልተቃወማትም። እኔም ዝም አልኩ። ቤቴ ከገባሁ በኋላ ግን ዝምታዬ ቆጨኝ። የዚያን ቀን መልስ ባጣም፣ አሁን የአንዲት ሴት ታሪክ ልጻፍላት ብዬ ብዕር አነሣሁ።

ሴትዮዋ ሲሞን ሲኞሬ ትባላለች። ፈረንሳዊት የፊልም ተዋናይት ነበረች፤ ካረፈች ብዙ ዘመን ሆኗታል። እኔ ያወቅኋት ከዓመታት በፊት አንድ የቆየ ፊልም ስመለከት ነው። ፊቷ ላይ ያለው መጨማደድ፣ የዓይኖቿ ድካም፣ የወፈረው ሰውነቷ አንዱም ሳይደበቅ ይታያል። ግን ዓይኔን ከእሷ ላይ መንቀል አልቻልኩም። ከዚያ በኋላ ሕይወቷን ተከታትዬ አነበብኩ። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የአባት ስም፣ የእናት ስም

ሲሞን የተወለደችው መጋቢት 25 ቀን 1921 በጀርመን አገር፣ ቪስባደን በምትባል ከተማ ነው። አባቷ አንድሬ ካሚንከር ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ እዚያ ከሰፈረው የፈረንሳይ ጦር ጋር የነበሩ መኮንን ሲሆኑ፣ ዘራቸው ከፖላንድ የመጣ አይሁዳዊ ነበሩ። እናቷ ዦርዤት ሲኞሬ ደግሞ ፈረንሳዊትና ካቶሊክ ነበሩ። ቤተሰቡ ወደ ፈረንሳይ ተመልሶ ከፓሪስ አጠገብ ባለችው በኑዪ ኖረ። ሲሞን የመጀመሪያ ልጅ ስትሆን ከእሷ በታች ሁለት ወንድሞች ነበሯት።

አባቷ በአስተርጓሚነት ሙያ ስመ ጥር ሆኑ። አንድ ሰው ሲናገር እግር በእግር እየተከተሉ የመተርጎም ልዩ ችሎታ ነበራቸው። በ1934 ሂትለር በኑረምበርግ ያደረገውን ንግግር ለፈረንሳይ ሬዲዮ አድማጮች በቀጥታ የተረጎሙት እሳቸው ናቸው። ያ ንግግር ከጥቂት ዓመታት በኋላ የገዛ ቤታቸውን እንደሚበትን ያን ጊዜ ማን ያውቃል?

በ1940 የጀርመን ጦር ፈረንሳይን ያዘ። አባትዬው ወደ ለንደን አምልጠው በስደት ትግሉን ከሚመሩት ከጄኔራል ደ ጎል ወገን ተቀላቀሉ። ሲሞን ያን ጊዜ በብሪታኒ ክፍለ ሀገር፣ ቫን በምትባል ከተማ ትምህርቷን እየጨረሰች ነበር። እዚያ የታሪክ አስተማሪዋ የነበረች ወጣት ሴት በኋላ ሉሲ ኦብራክ በሚል ስም የታወቀች አርበኛ ሆነች። ይህቺን አስተማሪ ልብ በሉልኝ፤ ወደ ኋላ እንመለስባታለን።

የቤቱ አስተዳዳሪ

አባት የሉም፤ ገንዘብ የለም፤ እናትና ሁለት ትንንሽ ወንድሞች ግን አሉ። የአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ሲሞን የቤቱ አስተዳዳሪ ሆነች። የሰው ልጆችን እንግሊዝኛና ላቲን እያስጠናች ገንዘብ ማምጣት ጀመረች። ይህ አልበቃ ሲል በአንድ የጋዜጣ ቢሮ በጸሐፊነት ተቀጠረች። ጋዜጣው ሌ ኑቮ ታን ይባል ነበር። ባለቤቱ ዣን ሉሼር የትምህርት ቤት ጓደኛዋ አባት ነው፤ ሥራውን ያገኘችውም በዚሁ ትውውቅ ነበር። ችግሩ ጋዜጣው ከጀርመኖች ጋር ያበረ፣ እኛ ባንዳ የምንለው ዓይነት መሆኑ ነው። አባቷ ለንደን ሆነው ጀርመንን ይዋጋሉ፤ ልጅቷ ፓሪስ ውስጥ የጀርመን ወዳጅ ከሆነ ጋዜጣ ደመወዝ እየተቀበለች ወንድሞቿን ታበላለች።

ብዙ ሰው እንዲህ ያለውን የሕይወቱን ገጽ ቀዶ ይጥለዋል። ሲሞን ግን በኋላ ስሟ ከገነነ ወዲህ በጻፈችው መጽሐፍ ራሷ ገልጻ ተናገረችው። ራሷን ጀግና አላደረገችም። ረኃብ እንደ ነበረ፣ ሥራ እንዳስፈለጋት፣ ቀስ በቀስም ነገሩ እንደ ከበዳት አስረዳች። በ1941 ሥራውን በገዛ ፈቃዷ ለቀቀች። ያንን ደመወዝ ስትተው ሌላ የሚጠብቃት ሥራ አልነበረም።

የሄደችው ካፌ ደ ፍሎር ወደሚባለው የፓሪስ ቡና ቤት ነው። እዚያ ደራሲዎች፣ ሠዓሊዎች፣ ተዋንያን፣ ከናዚ የሸሹ ስደተኞች ይሰበሰቡ ነበር። ወጣቷ ሲሞን የሕይወቷን መንገድ ያገኘችው በዚያ ቡና ቤት ጠረጴዛዎች መካከል እንደሆነ ዕድሜ ልኳን ታምን ነበር። ተዋናይ ለመሆን ወሰነች።

ይሁን እንጂ በዚያ ዘመን ፊልም ላይ ለመሥራት ፈቃድ ያስፈልጋል፤ አባቱ አይሁዳዊ ለሆነ ሰው ደግሞ ፈቃዱ አይሰጥም። ካሚንከር የሚለው ስም ሞት ይጠራ ነበር። ስለዚህ የእናቷን የቤተሰብ ስም ወስዳ ሲሞን ሲኞሬ ሆነች። ከአጀቡ መሐል እየቆመች፣ አንዳንዴም አንድ ሁለት ቃል እየተናገረች፣ ያለ ፈቃድ በትንንሽ ሚናዎች ሠራች። በ1942 ማርሴል ካርኔ በሠራው ትልቅ ፊልም ውስጥም በአጃቢነት ነበረች። በየቀኑ የምታገኘው ክፍያ ለቤት ወጪ ይውላል። በሕይወት ለመቆየት ብላ የያዘችው የእናቷ ስም በኋላ በዓለም ሲኒማ ቤቶች ደጃፍ በትልቁ ተጻፈ።

ፍቅርና ሥራ

ጦርነቱ ካበቃ በኋላ ነገሮች ተለወጡ። ከዳይሬክተሩ ኢቭ አሌግሬ ጋር ጎጆ ወጣች፤ በ1946 ካትሪን የምትባል ልጅ ወለዱ። በዚያው ዓመት በወጣ ፊልም ላይ ባሳየችው ሥራ ለጀማሪ ተዋንያን የሚሰጥ ሽልማት አገኘች። በ1948 ባሏ ባዘጋጀው ዴዴ ዳንቨር በተባለ ፊልም ዋናውን ሚና ተጫወተች። የሚሰጧት ሚናዎች ግን በአመዛኙ የጎዳና ሴት፣ የቡና ቤት ሴት ነበሩ። ሌላ ሰው ቢሆን ያፍርባቸው በነበሩት በእነዚህ ሴቶች ውስጥ እሷ ክብርን ፈልጋ ታወጣ ነበር።

በ1949 በጋ፣ በደቡብ ፈረንሳይ ሴን ፖል ደ ቫንስ በምትባል መንደር ከዘፋኙ ከኢቭ ሞንታን ጋር ተገናኘች። ሞንታን ጣሊያን ተወልዶ በሕፃንነቱ ወደ ማርሴይ የተሰደደ፣ ከልጅነቱ ጀምሮ በፋብሪካና በወደብ የጉልበት ሥራ ያደገ ሰው ነበር። ሲሞን ትዳሯን ትታ ወደ እሱ ሄደች። ይህን ማድረግ ቀላል እንዳልነበረ፣ የጎዳችው ሰው እንዳለም ታውቅ ነበር። በታኅሣሥ 1951 ተጋቡ።

ቀጥሎ የመጣውን ፈተና ብዙዎቻችን እናውቀዋለን። ሞንታንን ከመውደዷ የተነሣ ከእሱ ላለመለየት ሥራውን ልትተወው ተቃረበች። ዳይሬክተሩ ዣክ ቤኬር ካስክ ዶር ለተባለው ፊልም ሲፈልጋት ከባሏ ርቃ መሄዱ ከበዳት፤ ሚናውን ልትመልስለት ነበር። በመጨረሻ ግን ሄደች። በ1952 የወጣው ይህ ፊልም በፈረንሳይ እምብዛም አልተወደደም። ለንደን ሲደርስ ግን ተደነቀ፤ እሷንም የእንግሊዝ የፊልም አካዳሚ ምርጥ የውጭ አገር ተዋናይት ብሎ ሸለማት። ያን ጊዜ እቤት ቀርታ ቢሆን ኖሮ ዛሬ በምርጥ ሥራነቱ የሚነሣው ፊልም በሌላ ሴት ይሠራ ነበር።

የዚህ ፊልም ዝና ውቅያኖስ ተሻግሮ ሌላም ፍሬ አፍርቷል። በአሜሪካ ዩኒስ ዌይመን የምትባል ወጣት ጥቁር ፒያኖ ተጫዋች በቡና ቤት መዝፈኗን ሃይማኖተኛ እናቷ እንዳያውቁባት የመድረክ ስም ትፈልግ ነበር። ሲሞን የሚለውን ስም ከሲሞን ሲኞሬ ወሰደች። ዓለም ኒና ሲሞን ብሎ የሚያውቃት ታላቅ ዘፋኝ እሷ ናት። ከጭንቀት የተወሰደ የአንዲት ሴት ስም በጭንቅ ላይ ላለች ለሌላዋ መጠለያ ሆነ ማለት ነው።

ስሕተትን ማመን

ሲሞንና ሞንታን የፓርቲ አባል ባይሆኑም የሠራተኛውን መደብ የሚደግፉ ግራ ዘመሞች ነበሩ። በዚህም ምክንያት አሜሪካ ለብዙ ዓመታት ቪዛ ከልክላቸዋለች። በ1956 መጨረሻ ሞንታን በሶቪየት ኅብረት ሊዘፍን ቀጠሮ ይዞ ሳለ የሶቪየት ታንኮች ቡዳፔስት ገብተው የሃንጋሪን ሕዝባዊ አመፅ ደመሰሱ። ሂዱ የሚላቸውም አትሂዱ የሚላቸውም በዛ። ሄዱ። ሞስኮ ላይ ክሩሽቾፍና ሌሎች መሪዎች ዝግጅቱን ከተመለከቱ በኋላ አብረዋቸው እራት በሉ። በዚያ ማዕድ ባልና ሚስቱ ስለ ሃንጋሪ ፊት ለፊት ጠየቋቸው። ከዚያ ጉዞ የተመለሱት ልባቸው ተሰብሮ ነው።

ዝም ብለው አልተቀመጡም። በ1970 ኮስታ ጋቭራስ ያዘጋጀውን ላቮ የተባለ ፊልም አብረው ሠሩ። ፊልሙ በ1952 በፕራግ በሐሰት ተከስሶ፣ በማሠቃየት የሐሰት ቃል እንዲሰጥ የተደረገውን የአርቱር ለንደንን እውነተኛ ታሪክ ይተርካል። ሞንታን ሰውየውን፣ ሲሞን ሚስቱን ሆነው ተጫወቱ። የቀድሞ ወዳጆቻቸው ተቀየሟቸው። እሷ ግን ያመኑበት ነገር ስሕተት ሆኖ ሲገኝ ይህንኑ በአደባባይ መናገር ዕዳ እንደሆነ ታምን ነበር።

በራሷ አገር ላይም እንዲሁ አደረገች። በ1960 ፈረንሳይ በአልጄሪያ ስትዋጋ፣ 121 ምሁራንና አርቲስቶች ወጣቶች በዚያ ጦርነት ላለመዝመት መብት አላቸው የሚል መግለጫ ፈረሙ። ሲሞን ፈረመች። ፈራሚዎቹ ከመንግሥት ሬዲዮና ቴሌቪዥን ታገዱ። የኦስካር ሽልማት ካገኘች ገና ግማሽ ዓመት እንኳ አልሞላትም ነበር።

ኦስካርና ኀዘን በአንድ ዓመት

ወደ ኦስካሩ ልመለስ። በ1958 እንግሊዛዊው ጃክ ክሌይተን ሩም አት ዘ ቶፕ ለተባለ ፊልም ጠራት። ሚናዋ አሊስ የምትባል፣ ትዳሯ የመረራት፣ ዕድሜዋ ገፋ ያለ ሴት ናት። አሊስ አንድ ወጣት ትወዳለች፤ ወጣቱ ግን የሀብታም ልጅ ለማግባት ሲል ይተዋታል። ፊልሙ ዋጋው አነስተኛ፣ በእንግሊዝ የፋብሪካ ከተሞች የሚካሄድ ታሪክ ነው። ሲሞን በካን ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይት ሽልማት ወሰደችበት። ሚያዝያ 4 ቀን 1960 ደግሞ ሎስ አንጀለስ ውስጥ ኦድሪ ሄፕበርንን፣ ካትሪን ሄፕበርንን፣ ኤልዛቤት ቴይለርንና ዶሪስ ዴይን አልፋ የኦስካርን የምርጥ ተዋናይት ሽልማት ተቀበለች። 39 ዓመቷ ነበር። ሽልማቱን ያገኘችው ወጣት መስላ ሳይሆን ወጣትነቷ ያለፈ ሴት ሆና ነው።

ደስታዋ ግን ሙሉ አልነበረም። በዚያው ዓመት ሞንታን ሆሊውድ ውስጥ ከማሪሊን ሞንሮ ጋር ፊልም እየሠራ ሳለ በመካከላቸው ፍቅር ተጀመረ። ወሬው የዓለምን ጋዜጦች ሞላ። ጎረቤት ያወቀው ገመና እንኳ አንገት ያስደፋል፤ የእሷን ዓለም በሙሉ ሲያነበው ምን እንደሚያህል አስቡት። ሲሞን ለጋዜጠኞች ስሞታ አላሰማችም፤ ማሪሊንንም አልሰደበችም። በኋላ በመጽሐፏ ማሪሊንን እንዳልጠላቻት፣ ሴትየዋም ይህን ሳታውቅ መሞቷ እንደሚያሳዝናት ጻፈች። ትዳሯ አልፈረሰም፤ ቁስሉ ግን እንዳልዳነ ብዙ ወዳጆቿ መስክረዋል። ይህን ያነሣሁት ታገሡ ለማለት አይደለም። እያንዳንዷ ሴት የራሷን ታውቃለች። የማደንቅላት፣ ክብሯን በሰው አፍ ላይ አለማኖሯን ነው።

ዕድሜ ሲመጣ

ከአርባ ዓመት በኋላ ፊቷ ፈጥኖ አረጀ፤ ሰውነቷ ወፈረ። ሲጋራና መጠጥ ጎድተዋት ነበር፤ ይህንንም አልደበቀችም። በዚያ ሙያ ውስጥ ያሉ ሴቶች ፊታቸውን በሐኪም ቢላዋ በሚያስተካክሉበት ጊዜ እሷ ፊቷን እንዳለ ይዛ ወደ ካሜራ ቀረበች። የሚገርመው ነገር፣ ከታላላቅ ሥራዎቿ ብዙዎቹ የተሠሩት ከዚያ በኋላ ነው።

በ1965 ሺፕ ኦቭ ፉልስ በተባለው የአሜሪካ ፊልም እንደገና ለኦስካር ታጨች። ሁሉም ነገር ቀናት ማለት አይደለም፤ በ1966 ለንደን ላይ ከአሌክ ጊነስ ጋር የሼክስፒርን ማክቤዝ በእንግሊዝኛ ተጫውታ ሐያሲዎች ክፉኛ አብጠለጠሏት። ውርደቱን ውጣ ወደ ሥራዋ ተመለሰች።

በ1969 ዣን ፒየር ሜልቪል ላርሜ ዴ ዞምብር በተባለው የአርበኞች ፊልም ማቲልድን እንድትጫወት ሰጣት። ማቲልድ በውስጥ አርበኝነት የምትሠራ፣ ብልህና ደፋር እናት ናት። አንድ ድክመት ብቻ አላት፦ የልጇን ፎቶግራፍ ከቦርሳዋ ማውጣት አልቻለችም። ጠላት ይህን ፎቶግራፍ ሲያገኝ በልጇ መጥቶ ያስፈራራታል፤ መጨረሻዋም እጅግ መራራ ነው። ብዙዎች እንደሚሉት ለማቲልድ መነሻ ከሆኑት ሴቶች አንዷ ሉሲ ኦብራክ ናት፤ ያቺ የቫን የታሪክ አስተማሪ! በወጣትነቷ ከባንዳ ጋዜጣ ደመወዝ የተቀበለችው ተማሪ፣ ከሃያ ዘጠኝ ዓመት በኋላ የአስተማሪዋን ዓይነት ሴት ሆና ቆመች። ፊልሙ በወቅቱ ብዙ አልተወራለትም። አሜሪካ ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው በ2006 ሲሆን ከዓመቱ ምርጥ ፊልሞች አንዱ ተባለ።

በ1971 ከዣን ጋባን ጋር የተጫወተችው ለ ሻ፣ ማለትም ድመቱ፣ መጀመሪያ የጠቀስኩላችሁ እኔ ያየሁት ፊልም ነው። ፍቅራቸው የሞተ ሁለት ሽማግሌዎች በአንድ ቤት እየኖሩ አይነጋገሩም። ሁለቱም በበርሊን ፌስቲቫል ተሸለሙበት። ሲሞን ያን ጊዜ ገና ሃምሳ ዓመቷ ነበር።

በ1977 ማዳም ሮዛን ሆነች። ማዳም ሮዛ ከአውሽቪትዝ የሞት ካምፕ የተረፈች አይሁዳዊት፣ ቀድሞ በሴተኛ አዳሪነት የኖረች፣ አሁን ግን የሌሎች ሴተኛ አዳሪዎችን ልጆች በጥቂት ገንዘብ የምታሳድግ አሮጊት ናት። አሳንሰር በሌለው የፓሪስ ሕንፃ ስድስት ፎቅ በእግሯ እያለከለከች ትወጣለች። ከምታሳድጋቸው ልጆች አንዱ ሞሞ የሚባል ሙስሊም ልጅ ነው፤ እስከ መጨረሻዋ ትንፋሽ የሚያስታምማትም እሱ ነው። ፊልሙ የኦስካርን የውጭ ቋንቋ ፊልም ሽልማት አገኘ፤ ሲሞን ደግሞ ሴዛር የተባለውን የፈረንሳይ ትልቁን ሽልማት ወሰደች። የአባቷን ስም ደብቃ ሥራ የጀመረችው ልጅ፣ በሃምሳ ስድስት ዓመቷ የአባቷን ወገኖች ሥቃይ በገዛ ፊቷ ተሸክማ በአደባባይ አሳየች።

ብዕርና ጨለማ

በ1976 ያሳተመችው የትዝታ መጽሐፏ እንደ ጉድ ተሸጠ። አንዳንዶች ግን ተዋናይት እንዲህ አድርጋ ልትጽፍ አትችልም፣ ሌላ ሰው ጽፎላት ነው አሉ። ሐሜቱ አንገበገባት። መልሷ ሌላ መጽሐፍ መጻፍ ነበር፤ ሁለተኛውን በ1979 አወጣች። በመጨረሻም አድዩ ቮሎዲያ የተባለ ትልቅ ልብ ወለድ ጻፈች። ከምሥራቅ አውሮፓ ተሰድደው ፓሪስ ውስጥ በስፌት ሥራ የሚተዳደሩ የአይሁድ ቤተሰቦችን ታሪክ የሚናገር ነው። መጽሐፉ በ1985 ሲወጣ በብዛት ተነበበ። ያን ጊዜ የዓይኗ ብርሃን ጠፍቶ ማንበብ አትችልም ነበር።

በዚሁ በመጨረሻ ዘመኗ ስደተኞችና ልጆቻቸው በዘረኝነት እንዳይጠቁ ከወጣቶች ጎን ቆመች። መስከረም 30 ቀን 1985 በኖርማንዲ በሚገኘው የገጠር ቤቷ በካንሰር በሽታ ሞተች። 64 ዓመቷ ነበር። የተቀበረችው ፓሪስ፣ ፔር ላሼዝ በተባለው መካነ መቃብር ነው። ሞንታንም በ1991 ሲሞት ከጎኗ አረፈ።

እኅቶቼ፣ ሲሞን ሲኞሬ ቅድስት አልነበረችም። ተሳስታለች፣ ሰው ጎድታለች፣ ራሷንም ጎድታለች። ግን በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ እናቷንና ወንድሞቿን አበላች፤ በሠላሳ ዘጠኝ ዓመቷ ኦስካር ተቀበለች፤ በሃምሳ አምስት ዓመቷ የመጀመሪያ መጽሐፏን አሳተመች፤ በሕይወቷ የመጨረሻ ዓመት፣ ዓይኗ ሳያይ፣ ልብ ወለዷን ለአንባቢ አደረሰች። ጊዜዬ አልፏል ብላ እጇን ብታወርድ ኖሮ ከዚህ ውስጥ ስንቱን ታጣው ነበር?

የልብስ ስፌት ሥልጠናው ምዝገባ አልተዘጋም። ያቺ እኅታችን ይህን ስታነብ ማን እንደሆነች ታውቃለች። በሚቀጥለው ስብሰባ ከአጠገቧ እቀመጣለሁ፤ እጇን ስታነሣ እኔም አብሬ አነሣለሁ። እኔ ሃምሳ ሦስት ዓመቴ ነው፤ መርፌ ውስጥ ክር ለማስገባትም መነጽር ያስፈልገኛል።